ፊት ወንበር ላይ ያልሳቀው አባቴ

ባሌ እንጀራውን የሚበላው ፊት ወንበር ላይ በተቀመጠ ሰው ነው። አምቦም ይሁን ጉደር፣ መድረክ ላይ ሲወጣ መጀመሪያ ዓይኑን የሚጥለው የፊት ረድፍ ላይ ነው፤ ከረባት ያሰረውን፣ ያኮረፈውን፣ ስልኩ ላይ ያቀረቀረውን መርጦ በቀልድ ይለክፋል። በድራማ ደግሞ ክፉ ክፉውን ሰው ነው የሚጫወተው፤ አራጣ አበዳሪ፣ ጉቦኛ ጸሐፊ፣ ምቀኛ ጎረቤት። አንድ ጊዜ ገበያ ላይ ሴቶቹ በድራማው ተናደው ሽንኩርት አንሸጥልህም ብለውታል። እሱ ይህን እንደ ሽልማት ነው የሚያወራው።

እኛ አገር ጊንጪ የመጣው ለመምህራን መሸኛ ዝግጅት ነበር። ጡረታ ከሚወጡት አንዱ አባቴ ነው። አዳራሹ በሳቅ ሲፈርስ አባቴ አፉን በእጁ ሸፍኖ ጭጭ አለ። ባሌ፣ ያኔ እንኳ ባሌ አልነበረም፣ ማይኩን ይዞ ፊቱ ቆመ።

«አባባ፣ ጥርስዎን ለልጅዎ ሠርግ ነው ያስቀመጡት?»

ሰው በሳቅ አለቀ። አባቴ እጁን የባሰ አጥብቆ አፉ ላይ ያዘ። ላም ሲያልብ ረግጣው የፊት ጥርሶቹን ካጣ ወዲህ ሰው ፊት ስቆ አያውቅም። ተማሪዎቹ ኮስታራ ነው ይሉት ነበር እንጂ ምክንያቱን ከቤታችን ውጪ የሚያውቅ አልነበረም። በማግስቱ ቪዲዮው በየስልኩ ዞረ።

እኔ ግን ማግስቱን አልጠበቅሁም። ከአዳራሹ ጀርባ አገኘሁትና የአባቴን ጥርስ ነገር ጨምሬ ልክ ልኩን ነገርኩት። ያ ተረበኛ ደረጃው ላይ ቁጭ ብሎ አንገቱን ደፋ። የወደድኩት እዚያ ነው፤ ምን ላድርግ!

ለመጋባት ስንስማማ ሽማግሌ ላከ። ወላጅ አባቱ ሞተዋል፤ እንደ አባት የሚያየው በድራማዎቹ ሁሉ ሽማግሌ ሆነው የሚሠሩትን አንጋፋ ተዋናይ ነው። እሳቸውን ከሁለት ጎረቤቶች ጋር በማለዳ ላካቸው። ደጃችን ላይ፣ እንደ ደንቡ አንቀመጥም ብለው፣ በትራቸውን ተደግፈው «አካም ቡልተን፣ ኦቦ» ብለው በኦሮምኛ እንደምን አደሩ አሉና ምርቃቱን ለቀቁት። እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ሆኜ ሰማሁት። በድራማ ላይ ከሚመርቁት ምርቃት አንዲት ቃል አልጎደለችም።

አባቴ እስኪጨርሱ ጠበቀ።

«ይህንኑ ምርቃት አምቦ አዳራሽ ሰምቼዋለሁ፤ የተመረቀችው ልጅ በድራማው ሁለተኛ ክፍል ጠፋች። አሁን ደግሞ ቤቴ ድረስ መጥታችሁ ልታሾፉብኝ?» ብሎ በሩን ዘጋው።

ሰውዬው ለማሾፍ አልመጡም፤ ሲጨነቁ አፋቸው የለመደውን አወጣ እንጂ። ይህን ለአባቴ ማን ይንገረው? ያለ እሱ ምርቃት አላገባም ብዬ ነበርና ነገሩ ያለቀለት መሰለኝ። አለቀስኩ።

እሁድ ከጸሎት ስንመለስ ያ ለካፊ ራሱ ደጃችን ቆሟል። ሰው ለራሱ ሽማግሌ ሆኖ ሲመጣ ያየ የለም፤ ጎረቤቱ ሁሉ በአጥር ብቅ ብቅ አለ።

«አባባ፣ ያን ቀን ጥርስዎን አላየሁም» አለ። «ያየሁት የማይስቅ ሰው ነው። የማይስቅ ሰው ያስፈራኛል፤ ስፈራ እለክፋለሁ።»

አባቴ በሩን ከፈተ። ቀጥሎ «እኚያ ሽማግሌ ምንህ ናቸው?» አለው።

«አባቴ ማለት ናቸው።»

«እንግዲያው ይምጡ። ግን የራሳቸውን ምርቃት ይዘው ይምጡ።»

በሠርጋችን ቀን አንጋፋው ተዋናይ ለምርቃት ተነሱ። በስንት መድረክ ያልተሰናከለው አንደበታቸው እዚያ ተሳሰረ። «ልጆቼ...» አሉ። «ልጆቼ... ኧ...» ሰው ሁሉ አሜን ለማለት አፉን ከፍቶ ቀረ። ባሌን አየሁት፤ መተረብ የሚችልበት ጊዜ ነበር፣ አልተረበም። በመጨረሻ ሽማግሌው እንባቸውን ጠረጉና «እኔ እንጃ! ብቻ ተዋደዱ!» ብለው ቁጭ አሉ።

አባቴ ሳቀ። ከት ብሎ፣ ትከሻው እስኪንቀጠቀጥ፣ ባዶ ድዱ እየታየ ሳቀ። እጆቹ ጉልበቱ ላይ ነበሩ።