የወይዘሮ ባውዋተር ባሕር ዛፍ

በታዝማኒያ ደሴት፣ ላንስተን ከተማ ውስጥ የሥዕል አስተማሪዋ የወይዘሪት ዩፌሚያ ክሬል ስም ሲነሣ ድምፅ ዝቅ ይላል። ባል የላትም፤ ጣቶቿ ሁልጊዜ ቀለም ናቸው፤ ዛፍንም እንዳየችው ትስላለች። ከሦስቱ ነውር የባሰው ሦስተኛው ነው።

ከእንግሊዝ መጥቶ ታዝማኒያ የሰፈረ ሰው ቤቱን አስሎ እንግሊዝ ላለ ዘመድ ሲልክ፣ ደጁ ላይ ያለው ባሕር ዛፍ እንደ እንግሊዙ ኦክ ዛፍ ክብና ለምለም ሆኖ ይሣልለታል። ዘመድ «ደኸዩ» እንዳይል ነዋ! ዩፌሚያም ከስኮትላንድ በመጣች ሰሞን እንዲሁ ትስል ነበር። ኋላ ግን አሥራ አራት ልጃገረዶችን ዛፍ ሥር አስቀምጣ «ያያችሁትን ሣሉ» እያለች እሷው መዋሸቷ አሳፈራት።

ከተማሪዎቹ የአንዷ እናት ወይዘሮ ባውዋተር፣ እንግሊዝ ላለች እኅቷ ልትልክ ያሣለችው የቤቷ ሥዕል የተገለጠ ዕለት የተማሪዎቹ እናቶች የዩፌሚያን ሳሎን ሞልተውት ነበር። ሻይ ያቀረበችው የቤት ሠራተኛዋ ማርታ ናት የነገረችን፤ ማርታ ደግሞ ወሬ ታጣፍጣለች እንጂ አትፈጥርም።

«ይኼ ምንድን ነው?» አለች ወይዘሮ ባውዋተር።

«ደጅዎ ያለው ባሕር ዛፍ ነው፣ እሜቴ።»

«የተነጨ ዶሮ አስመሰልሽው እኮ! ቅጠሉ የታለ?»

«ቁልቁል ነው የሚንጠለጠለው። ሰማዩ በመሐሉ ይታያል።»

«ቅርፊቱስ? እከክ የያዘው ይመስላል» አለች አንዷ እናት። ተሳሳቁ።

ወይዘሮ ባውዋተር አልሳቀችም። ብሩሹን አንሥታ ለዩፌሚያ ሰጠቻት። «እኅቴ አይታ በረሃ ገቡ ብላ ታልቅስልኝ? አሁኑኑ አለምልሚው። ያለዚያ ልጄ ሁለተኛ እዚህ ቤት አትደርስም።»

ሳቁ ጠፋ። እናቶቹ ጓንታቸውን ማጥለቅ ጀመሩ፤ እሷ ከወጣች ሁሉም መውጣታቸው ነው። ዩፌሚያ ደግሞ ከማስተማር ሌላ መተዳደሪያ የላትም።

ብሩሹን አረንጓዴው ውስጥ ነከረች። እጇ ሸራው አጠገብ ደረሰ፤ እዚያው ቆመ። አንዲት ጠብታ ምንጣፉ ላይ ወደቀች።

«አልችልም።»

«እንግዲያው ስትራቢ አንቺም ዛፍሽን ትመስያለሽ» አለችና ወይዘሮ ባውዋተር ወጣች። ቀሚሶች ተከተሏት።

ሰኞ ዩፌሚያ አሥራ አራቱንም በርጩማ ደርድራ በር በሩን ስታይ ቆየች። ሦስት ሰዓት ሆነ፤ ማንም የለም። ሦስት ተኩል ሲል የዳቦ ጋጋሪው ልጅ መጣች። ቀጥሎ አራት ሌሎች። በቃ፣ አምስት።

ከዚያ እስክትሞት፣ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ፣ ከስድስት ተማሪ በላይ ኖሯት አያውቅም። ስድስተኛዋ የመጣችው ከወር በኋላ ነው፤ በጓሮ በር፣ ፊቷን በሻሽ ሸፍና። ሻሹን ስታነሣ የወይዘሮ ባውዋተር ልጅ ኦክታቪያ ሆና ተገኘች።

«እናትሽ የት ነበርሽ ብትል ምን ልትባል ነው?»

«ፒያኖ ስማር ነበር እላታለኋ።»

ዩፌሚያ በርጩማ ሳበችላት። «በይ ፈጠን በይ፤ የፒያኖ ትምህርት አንድ ሰዓት ብቻ ነው።»