የእትዬ አትጠገብ ዱባ

ባለፈው ቅዳሜ ከገበያ ስመለስ፣ ሞጣ ያለው ቤቴ ወጥ ቤት ውስጥ የተቀበለኝ ሽታ እግሬን በሩ ላይ አቆመው። ለወጥ ብዬ ያስቀመጥኩትን ትልቅ ዱባ ልጄ ሰላም አናቱን ቆርጣ፣ ሆዱን በማንኪያ ፈልፍላ፣ ሁለት ዓይንና ጥርሱ የተወላገደ አፍ አውጥታለት፣ ውስጡ ጧፍ ለኩሳበት ነበር። ክዳኑ ከላይ እየተለበለበ፣ ያ የጥሬ ዱባ እርጥብ ሽታ ከሰሙ ጋር ተቀላቅሎ ቤቱን ሞልቶታል። ሰላም በዲሽ ያየችውን በጥድፊያ አስረዳችኝ፤ ፈረንጆች በዚህ ሰሞን ሃሎዊን የሚሉት ነገር እንዳላቸው፣ ልጆቻቸው ጭራቅ መስለው ሲጫወቱ እንደሚያመሹ፣ እሷም በማግስቱ የሰፈሩን ልጆች ጠርታ እንዲሁ ልታጫውት እንዳሰበች። እንድቆጣት ጠብቃ ኖሮ ዓይኗን ከመሬት አላነሳችም። እኔ ግን ቁጣ የሚባል ነገር አልመጣልኝም፤ ዘንቢሌን እንደያዝኩ ዱካ ላይ ቁጭ አልኩና «እኛ እኮ ቢቸና ይኼንን በጭንቅላታችን እናጠልቀው ነበር» አልኳት። አላመነችኝም።

ልጅ ሳለሁ፣ ደርግ ወድቆ ጥቂት ዓመታት እንዳለፉ፣ ቢቸና ከቤታችን አጥር ወዲያ እትዬ አትጠገብ የምትባል ጎረቤት ነበረችን። ባሏ ቀደም ብሎ የሞተባት፣ ልጅ ያልወለደች፣ አጭርና ቀጭን፣ ሲሄዱ እንጂ ሲቀመጡ የማይታዩ ከሚባሉት ሴቶች አንዷ ነበረች። ጥጥ እየፈተለች፣ ቃሪያና ጎመን እየሸጠች ትኖራለች፤ የጓሮዋ ጌታ ግን ዱባ ነበር። ሐረጉ ድንበር የሚባል ነገር አያውቅም። ክረምቱ ሲገባ አጥሩን ይወጣል፣ መስከረም ላይ ወደ እኛ ግቢ ይወርዳል፣ ጥቅምት ላይ የእኛ ሽንት ቤት ጣሪያ ላይ ቁጭ ብሎ ያፈራል። ከዚያ እናቴና እትዬ አትጠገብ በየዓመቱ የማይቀረውን ክርክራቸውን ይጀምራሉ፤ እናቴ «ያንቺ ነው፣ ሥሩ ካንቺ ዘንድ ነው» ትላለች፣ እሷ «የለም፣ ጣሪያው ያንቺ ነው» ትላለች፤ ዱባው በዚህ መሐል በስሎ በስብሶ እስኪወድቅ የደረሰበት ዓመትም ነበር።

ክርክሩን የሚቆርጠው ኅዳር ሚካኤል ነበር። ኅዳር አሥራ ሁለት ቀን ከተማው በሙሉ ደጁን ጠርጎ ቆሻሻውን በየበራፉ ያቃጥላል፤ ኅዳር ሲታጠን ይባላል፣ የዓመቱ በሽታ ከጭሱ ጋር እንዲወጣ ነው። ከጠዋት ጀምሮ ቢቸና አይታይም፣ ጭስ ብቻ ነው፤ ውሾች ያስነጥሳሉ፣ ትልልቅ ሰዎች ዓይናቸውን በነጠላ ጫፍ እየጠረጉ በየጭሱ መሐል ሰላምታ ይለዋወጣሉ፣ ሰዉ ማን መሆኑ የሚታወቀው በሳሉ ነው። እትዬ አትጠገብም በዚያ ቀን የደረቀውን ሐረግ ነቅላ ትቆልላለች፣ ገዢ ያጡትን ጎባጣና ጠማማ ዱባዎች ለብቻ ታስቀምጣለች፣ ከሰዓት በኋላ የሰፈሩን ልጆች ትጠራለች። ጨዋታውን ከየት እንዳመጣችው ማንም አያውቅም ነበር፤ ሌላ ግቢ ውስጥ አይቼው አላውቅም።

መጀመሪያ ማሰሮው ይመጣል። አፉ በጨርቅ ተሸፍኗል፣ እጃችንን ሰደን የጭራቅ ምን ምኑን እንደነካን በዳበሳ ብቻ መናገር አለብን። የተዘፈዘፈው ተልባ የጭራቁ ምራቅ ነው፣ ተቀቅሎ የተላጠው ባቄላ ዓይኑ ነው፣ የበቆሎው ጺም ያው ጺሙ ነው። ካቻምናም ያው ተልባ፣ ያው ባቄላ እንደነበረ ሁላችንም እናውቃለን፤ እያወቅን እንጮሃለን፣ እየጮህን ደግሞ ሁለተኛ ተራ ለመያዝ እንጋፋለን። ቀጥሎ ግቢዋ ውስጥ ያለው የብሳና ዛፍ ቅርንጫፍ ላይ ማር የተቀቡ ዳቦዎች በክር ይንጠለጠላሉ፣ እጃችንን ወደ ኋላ አጣምረን በአፋችን ብቻ እናሳድዳቸዋለን፤ ዳቦው ይሸሻል፣ ማሩ አፍንጫ ላይ ይቀራል፣ ንቦቹም ድርሻቸውን ሊጠይቁ ይመጣሉ። እትዬ አትጠገብ ዳኛ ሆና አታውቅም። እጇን ወደ ኋላ አድርጋ፣ ነጠላዋን ወገቧ ላይ ሸብ አድርጋ፣ ከኛ ከውርጋጦቹ መሐል ትሰለፋለች፤ ቀድመን የምናልፋት ከመሰላት «እኔም ተራዬ ነው» ትላለች፣ ቀልዷን አይደለም። ስትሸነፍ ታኮርፋለች። እናቴ በአጥሩ ላይ እያየቻት ትስቅና «አትጠገብ ዛሬም ልጅነት አልወጣላትም» ትል ነበር፤ እኛም ነገሩ እንደዚያ ይመስለን ነበር።

ዳቦውን ቀድሞ የጨረሰ የቀኑን ትልቁን ክብር ያገኛል፤ በሽታው ይሆናል። ውስጡ ተፈልፍሎ ዓይንና አፍ የወጣለት ዱባ በጭንቅላቱ ይጠለቅለታል፣ እሱ እያገሳ ይሮጣል፣ ሌሎቻችን የሚጨስ የሐረግ እስር ይዘን «ውጣ በሽታ! ከቤታችን ውጣ!» እያልን ከግቢው በራፍ አንስቶ እስከ ዋናው መንገድ እናባርረዋለን። በሽታው የነካው ሰው መሬት ላይ ተዘርሮ መታመም አለበት። መንገዱ ዳር ካለው ትልቅ ድንጋይ ስንደርስ ዱባው ይፈጠፈጣል፣ ዓመቱም ነጻ ይሆናል። በሽታ የሆነ ልጅ ፀጉሩ ሳምንት ሙሉ ጥሬ ዱባ ዱባ ይሸታል፣ ያንን ሽታ ይዞ ትምህርት ቤት መሄድ ደግሞ ኩራት ነበር።

ልነግራችሁ የፈለግኩት እህቴ ደብሬ አሥራ ሦስት ዓመት የሞላትን ዓመት ነው። ደብሬ ስድስተኛ ክፍል ነበረች። አባታችን መሪጌታ ነው፣ ወደ የጁቤ በኩል አብረው የተማሩ ቄስ ጓደኛ ነበሩት፤ የእሳቸው ልጅ ዲያቆን ነው፣ ሳያገባ ቅስና አይቀበልም፣ ስለዚህ ሁለቱ ጓደኛሞች ጉዳዩን በደስታ ጨረሱት። አባቴ ክፉ ሰው አልነበረም፤ ለልጁ ከሚያውቀው ሁሉ የተሻለውን ቤት ያገኘላት መስሎት ነው። የቀረው የልጁ እናት መጥተው ደብሬን በዓይናቸው እንዲያዩ ብቻ ነበር፣ ከዚያ ጥር ላይ ሰርግ። ደብሬን የጠየቃት የለም። ነገሩን ያወቀችው አዲስ ቀሚስ ሲሰፋላት ነው። አላለቀሰችም፣ አልተከራከረችም፤ የሳይንስ መጽሐፏን ከመጨረሻው ምዕራፍ ጀምራ ወደ ኋላ ማንበብ ያዘች። ለምን ብዬ ስጠይቃት «መጀመሪያውንማ ክፍል ውስጥ እማረዋለሁ፤ መጨረሻው ጋ ሳንደርስ ነው ጥር የሚመጣው» አለችኝ። እናቴ ይህንኑ በአጥሩ ላይ ለእትዬ አትጠገብ ስትነግራት ሰምቻለሁ። እትዬ አትጠገብ የዱባ ቅጠል መቀንጠሷን ቀጠለች።

የልጁ ወላጆች የመጡት በኅዳር ሚካኤል ዕለት ነው። አባቴ ቤተ ክርስቲያን ከመሄዱ በፊት ደብሬ ታጥባ፣ አዲሱን ነጭ ቀሚስ ለብሳ፣ ከቤት እንዳትወጣ አዘዘ። ከሰዓት በኋላ እትዬ አትጠገብ ብቅ አለችና እናቴን «ለአፍታ ስጪኝ፣ ጭሱን ትርገጥ፤ እንግዳ ፊት ስትቀርብ በሽታ አብሯት እንዳይቀርብ» አለቻት። እናቴ ጥቂት አየቻት፣ ከዚያ «ቀሚሷን አደራ» ብላ ፈቀደች። የዚያን ቀን ጨዋታው አላልቅ አለ። ማሰሮውን ሁለት ጊዜ አስዳበሰችን፤ ዳቦ እያለ ዳቦ አነሰ ብላ ቤት ገባች ወጣች፤ በየመሐሉ አጥሩ ጋ ሄዳ በእግሯ ጣት ቆማ መንገዱን ታያለች። በመጨረሻ ዳቦው ተሰቀለ፣ እኔም በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሁሉም ቀድሜ አንዲት ጉርሻ ሲቀረኝ እትዬ አትጠገብ ከሰልፉ ወጣች፣ ዱባውን ብድግ አደረገች፣ ዳቦዋን ያልነካችው ደብሬ ጭንቅላት ላይ አጠለቀችው። ጎንበስ ብላ አንድ ነገር አለቻትና ወደ በራፉ ገፋ አደረገቻት።

እኔ አኮረፍኩ። የተዘረፈ ሰው ማኩረፍ መብቱ ነው፤ ሌላው ሲሮጥ እኔ ማር በማር እንደሆንኩ አጥር ላይ ወጥቼ ተቀመጥኩ፣ ለዚህ ነው ሁሉንም ያየሁት። በመንገዱ ላይ ከጭሱ ወዲያ አንዲት ወይዘሮ በበቅሎ ጥላ ይዘው ይመጣሉ፣ ቄሱ ባለቤታቸው በእግር ከጎናቸው መቋሚያቸውን ይዘዋል። ከጭሱ ወዲህ ነጭ ቀሚስ የለበሰች፣ ጭንቅላቷ ዱባ የሆነ ፍጡር እያገሳች ትመጣለች፣ ከኋላዋ የሰፈሩ ልጅ ሁሉ ጭስ እያወዛወዘ «ውጣ በሽታ! ከቤታችን ውጣ!» ይላል። ደብሬ እንደዚያ ስታገሳ ሰምቼ አላውቅም፤ ከዚያም በኋላ አልሰማሁም። በዱባ ዓይን ብዙ አይታይም፣ በቅሎዋ ላይ ደርሳ ተላተመች፣ የጨዋታው ሕግ ነውና ያገኘችውን የወይዘሮዋን እግር ጨበጠች። በቅሎዋ ደነበረች። ወይዘሮዋ «በስመ አብ» ብለው ጥላቸውን ጣሉ።

ያኔ እትዬ አትጠገብ ነጠላዋን አስተካክላ ረጋ ብላ ደረሰች፣ እጅ ነሳች፣ ዱባውን ከእህቴ ራስ ላይ በሁለት እጇ አነሳችው። የዱባው ጅማት ከደብሬ ፀጉር እስከ ትከሻዋ ተንጠልጥሏል፣ አንድ ፍሬ ጆሮዋ ላይ ተለጥፏል። «እንኳን ደህና መጣችሁ። የመሪጌታ ልጅ ደብሬ ማለት ይቺ ናት» አለች፣ ታቦት ፊት እንደቆመች ሁሉ በፍጹም ትሕትና።

እንግዶቹ ገቡ፣ ተስተናገዱ፤ ወይዘሮዋ ግን እህሉን ሳይሆን ያቺን ፍሬ ሲያዩ ዋሉ። ከጥቂት ቀናት በኋላ ነገሩ ይቅር የሚል መልእክት ከየጁቤ መጣ። አባቴ የልጆች ጨዋታ ነው ብሎ ሰው ቢልክ የወይዘሮዋ መልስ አጭር ነበር፤ «ሰው በኅዳር ያስወጣውን እኔ በጥር ላስገባ?» አሉ። ባለቤታቸው ሊያግባቡ ሞክረው አልሆነላቸውም። አባቴ እስከ ገና ድረስ የእትዬ አትጠገብን ስም አላነሳም፤ የላከችውን የዱባ ወጥ ግን ከማን እንደመጣ ሳይጠይቅ በላ። ሌላ ጠያቂ እስኪመጣ ደብሬ ሁለተኛ ደረጃ ገብታ ነበር፣ አባቴም የደብሬን የክፍል ደረጃ ለሰው ሁሉ ማውራት ጀምሮ ስለነበር ወሬውን ማቋረጥ ያሳዘነው ይመስለኛል። የሳይንስ መጽሐፉ በዚያ ዓመት ከሁለቱም ጫፍ ተነቦ መሐል ላይ ተገናኘ።

ደብሬ ዛሬ ቢቸና ነርስ ናት። ቅዳሜ ማታ ደወልኩላትና የሰላምን ዱባ ነገርኳት፣ ሁለታችንም እስኪያመን ሳቅን። እትዬ አትጠገብ ካረፈች ቆየች፤ ግቢዋ ውስጥ አሁን የብሎኬት ቤት ቆሟል፣ አጥሩ ቆርቆሮ ነው፣ በዚያ አጥር ላይ ተሻግሮ ሰው ቤት የሚያፈራ ምንም ነገር የለም። ኅዳር ሲታጠን ሰዉ አሁንም ደጁን ጠርጎ ቆሻሻውን ያቃጥላል፣ ልጆቹ ግን ከጭሱ ሸሽተው ቤት ውስጥ ዲሽ ያያሉ አለችኝ። እኔም የድሮ ቂሜን አነሳሁባት፤ ዳቦውን ያሸነፍኩት እኔ ነበርኩ፣ አንቺ ሳትበዪ ነው የኔን ዱባ የወሰድሽው አልኳት። ስቃ ትመልስልኛለች ብዬ ነበር። እሷ ግን እስከዛሬ ነግራኝ የማታውቀውን፣ እትዬ አትጠገብ በዱባው ዓይን በኩል ያለቻትን ነገረችኝ።

«እኔን በዚህ መንገድ ነው በበቅሎ ያመጡኝ፤ ጥርሴን እንኳ ቀይሬ አልጨረስኩም ነበር። አንቺ ሩጪ።»

ያቺ ትንሽ ሴት ጥርሷን ለመቀየር እንኳ ጊዜ ሳይሰጧት ቢቸና ገብታ፣ በሌላ ልጅ ዕድሜ ውስጥ ቆማ ተራዋን ስትጠብቅ እኛ ስቀንባታል። ማኩረፏም፣ መጋፋቷም፣ «እኔም ተራዬ ነው» ማለቷም እውነቷን ነበር። ከልጅነቴ ብዙ ነገር ጠፍቶብኛል፤ ብሳናው፣ ጭሱ፣ የእናቴ ሳቅ በአጥሩ ላይ። ከሁሉም የሚቆጨኝ ግን አንድም ጊዜ ዳቦውን ቀድማ ስትጨርስ አለማየቴ ነው።

እሑድ ከሰዓት የሰፈሩ ልጆች ግቢያችን ሞሉ። ማሰሮውን አወጣሁ፣ ተልባውን ሌሊቱን ዘፍዝፌው ነበር፤ ዳቦውን ማር ቀብቼ ልብስ ማስጫው ሽቦ ላይ በክር ሰቀልኩት። ልጆቹ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ሲሰለፉ ነጠላዬን ወገቤ ላይ ሸብ አድርጌ ከመሐላቸው ገባሁ። ሰላም ዞር ብላ አየችኝና «እማዬ፣ አንቺም?» አለችኝ።

«እኔም ተራዬ ነው» አልኳት።