ለኮማንደር ዱካለ ያልጨረስኩት መልስ

ዘንድሮ ትምህርት ሊከፈት ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ዲላ ያለው የትምህርት ቤታችን ጥበቃ ጋሽ ቦጋለ በአሮጌ ባልዲ ኖራ በጥብጠው የመግቢያውን ድንጋዮች ሲቀቡ ደረስኩና፣ ያ እርጥብ የኖራ ሽታ አፍንጫዬ ላይ ሲያርፍ ባለሁበት ቆሜ ቀረሁ። "ምነው ዳይሬክተር፣ ቀጠነ እንዴ?" ብለው ብሩሻቸውን እንደያዙ ቀና አሉ። ደህና ነው ጋሼ ብዬ ቢሮዬ ገብቼ በሩን ዘጋሁ። ከዚያ በኋላ ለግማሽ ሰዓት ያህል ዲላ አልነበርኩም፤ የተወለድኩበት መንደር ኢዲዶ፣ ስምንተኛ ክፍል ነበርኩ።

ያኔ የነበርንበት ትምህርት ቤት ዛሬ ስሙም ግቢውም ተቀይሯል። በእኛ ጊዜ ግን ኖራ ያልነካው ነገር አልነበረውም። ኮማንደር ዱካለ ርእሰ መምህር በሆኑ በወሩ የመንገዱ ዳር ድንጋይ፣ የባንዲራው እንጨት ሥር፣ የዛፉ ሁሉ ግንድ እስከ ወገቡ ነጣ። አንድ ቀን የጎረቤት ፍየል ገና ያልደረቀ ግንድ ላይ ስትታከክ ውላ ግማሽ ጎኗ ነጭ ሆኖ ቤቷ ብትገባ፣ ባለቤቷ "ይቺን ደግሞ መርከብ ላይ ሊጭኗት ነው" አለ ተብሎ መንደሩ ሳምንት ሙሉ ሳቀ። ቀልዱ የፍቅር ነበር፣ የራሳቸው ልጅ ናቸውና፤ እዚያው ከቡና ገበሬ ቤት ወጥተው፣ ምጽዋ ወርደው የባሕር ኃይል መኮንን የሆኑ፣ አገር ባሕሯን ስታጣ እሳቸውም መርከባቸውን አጥተው በአንድ የቆርቆሮ ሻንጣ የተመለሱ ሰው ነበሩ። ባለቤታቸው እትዬ ሮማን ዲላ ከተማ ልብስ እየሰፉ ልጆቹን ያሳድጋሉ፤ ኮማንደር ሰኞ ጎሕ ሲቀድ ወደ እኛ ይወጣሉ፣ ቅዳሜ ወደ ዲላ ይወርዳሉ። መጀመሪያ በሒሳብ አስተማሪነት ነበር የተቀጠሩት፤ ሁለት ዓመት ሳይሞላ ትምህርት ቤቱን ተረከቡ።

ባሕር አይተን የማናውቅ ልጆች ከእንሰት ቃጫ በተገመደ ገመድ የመርከበኛ ቋጠሮ ተማርን፤ እናቶቻችን የማገዶ እንጨት ሲያስሩበት ከርመው "ይሄ የኮማንደር ነው፣ አይፈታም" ይሉ ጀመር። የአነጋገር ሥርዓትም አስተማሩን። የተጠየቅነውን ብቻ፣ ባጭሩ፣ ጮክ ብለን፣ ቀጥ ብለን ቆመን። መሪ የያዘ ሰው ተረት ሲያወራ መርከቡ ድንጋይ ላይ ይወጣል ይሉ ነበር። እኔ የክፍል አለቃ ስለነበርኩ በዚህ የሚደርስብኝ አልነበረም፤ ስመልስ መስኮቱ ይንቀጠቀጣል እያሉ ጓደኞቼ ያሾፉብኝ ነበር። ኮማንደር ሲረኩ ቃል አያወጡም፤ አንዴ ራሳቸውን ነቅነቅ ያደርጋሉ፣ ያቺ ለእኔ ከሽልማት ትበልጥብኝ ነበር።

ጥቅምት ሲጋመስና ቡናው መቅላት ሲጀምር ግን ሥርዓታቸው ሁሉ ፈረሰ። ስድሳ ልጅ የነበረበት ክፍል አሥር ልጅ ቀረበት። መጀመሪያ ተቆጡ፣ ወላጅ ጠሩ፣ ወላጅም አልመጣ፤ በመጨረሻ ራሳቸው ጫማቸው ጭቃ እስኪውጠው ድረስ ማሳ ለማሳ ዞሩ። እኛ ጋ ሲደርሱ እናቴ ከቅርጫቷ ቀና ሳትል፣ በዚያ ከጌዴኦኛ በተቀዳ አማርኛዋ፣ "ጌቶች፣ ቡና ደወል አይሰማም እኮ። ከቀላ ሳምንት ነው፣ ከዛ መሬት ነው። ልጁ ይመጣል፣ ቡናው ስታልቅ" አለቻቸው። ልጁ ያለችው እኔን ሴት ልጇን ነው። አባቴ የዚያን ዓመት አልጋ ይዞ ስለነበር ከእናቴና ከእኔ በቀር ቡናውን የሚለቅም እጅ አልነበረም። ኮማንደር ብዙ ቆሙ፤ ከዚያ አንድ ቅርንጫፍ ጎንበስ አድርገው የቀላውን እየመረጡ ቅርጫታችን ውስጥ ይጥሉ ጀመር። ሲለቅሙ ያደጉ መሆናቸውን ጣታቸው አልረሳውም ነበር።

በነጋታው ሰልፍ ላይ ትምህርት ቤቱን ለሁለት ከፈሉት። መርከብ ላይ ሰው ሁሉ ባንዴ አይተኛም፣ ባንዴም አይሠራም፣ መርከቡም አይቆምም አሉን። ግማሻችን የግራ ተራ፣ ግማሻችን የቀኝ ተራ ተባልን፤ አንዱ ጠዋት ሲማር ሌላው ቡና ይለቅማል፣ ከምሳ በኋላ ይለዋወጣል። ክፍሎቹ ሞሉ። ከሰዓት ስንመጣ ጣቶቻችን በቡና ጭማቂ ተጣብቀው ደብተሩን ይዘውት ይነሡ ነበር፣ የጥፍር ፍተሻ እስከ ታኅሣሥ ተነሥቶልናል። አብራኝ የምትቀመጠው በለጡ ከእኛ የባሰ ድኻ ነበረች፣ ስድስት ታናናሾች ነበሯት፤ በየዓመቱ ቡና ሲደርስ ቀርታ ገና ካለፈ በኋላ የምትመለሰው ልጅ ያን ዓመት አንድ ቀን አልቀረችም። "ኮማንደር ባይኖሩ እኔ ዘንድሮ አግብቼ ነበር" እያለች ትስቃለች፤ ሳቋ ውስጥ ምን ያህል እውነት እንደነበረ ያኔ አልገባኝም።

ያልሳቁት መምህራኑ ነበሩ። አንዱን ትምህርት በቀን ሁለት ጊዜ ማስተማር ቀላል አይደለም፣ እውነታቸውን ነው። ክስ ተጻፈ፤ ከበላይ ሁለት ሰዎች በሞተር ብስክሌት መጡና ወላጅ፣ መምህርና የክፍል አለቆች በተሰበሰቡበት ግምገማ ተጀመረ። ትምህርቱን ቆርጠዋል፣ ልጆቹን ወደ ጉልበት ሥራ ልከዋል፣ የድሮ ወታደር ትምህርት ቤት አይመራም፣ ሲባል ዋለ። ኮማንደር እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ቆመው ይሰማሉ። ከዚያ አንደኛው እኔን አስነሡኝ።

"ባለፈው ወር ሙሉ ቀን ተምራችኋል?"

ቀጥ ብዬ ቆምኩ። "አልተማርንም!" አልኩ፣ ባጭሩ፣ መስኮቱ እስኪንቀጠቀጥ።

"ጎበዝ። ተቀመጪ።"

ግማሽ ቀን ነው የተማርነው፣ ግን አምና ጭራሽ አልተማርንም፣ ዘንድሮ በለጡ እንኳ አልቀረችም፣ የሚለው ሁሉ ጉሮሮዬ ላይ ነበር። የተጠየቅኩት ግን እሱን አልነበረም። ታላላቆች ፊት ልጅ ያልተጠየቀውን አይናገርም ብሎ ቤቴ አሳድጎኛል፣ ትምህርት ቤቴም ያንኑ አጽንቶብኛል። ተቀመጥኩ። ይህን ሁሉ ሰበብ ዛሬ እደረድራለሁ እንጂ፣ እውነቱን ከተናገርኩ ጎበዝ መባሌም ደስ ብሎኝ ነበር፤ ያ ደስታ እስከ ዛሬ ያመኛል። ቀና ብዬ ኮማንደርን ሳያቸው እያዩኝ ነበር። ራሳቸውን አንዴ ነቅነቅ አደረጉ።

ሰኞ አልመጡም። ዲላ የመጻሕፍት መጋዘን ኃላፊ ተደርገው ተዛወሩ ተባለ። ሁለቱ ተራ በዚያው ሳምንት ቀረ፣ ቡናው ገና አላለቀም ነበርና ክፍሎቹ ተመልሰው ባዶ ሆኑ። ገና አለፈ፣ ጥምቀት አለፈ፣ በለጡ አልመጣችም። ወርቃ በኩል ላለ ሰው ተድራ ሄደች፤ በሦስተኛ ልጇ ወሊድ ሞተች ሲሉ የሰማሁት ዲላ ኮሌጅ ሳለሁ ነው። እኔ የተማርኩት እናቴ ብቻዋን እየለቀመች፣ ማታ ማታ ወገቧን በሁለት እጇ ይዛ እየተኛች ነው።

ከዚያ በኋላ ሕይወቴ ሁሉ ዲላ ሆነ፣ ኮማንደርም ዲላ ነበሩ። አስተማሪ ከሆንኩ በኋላ መጽሐፍ ልረከብ አንዴ መጋዘናቸው ገብቻለሁ። አሮጊት እናቴን በስሟ ጠርተው ጠየቁኝ። "እግዜር ይመስገን፣ ደህና ናት" አልኩ። በሩ ላይ ቆምኩ፣ ተመልሼ ልናገር አሰብኩ፣ መኪናው ይጠብቀኛል ብዬ ለራሴ ነገርኩትና ወጣሁ። መኪናው መቼም መጠበቁ አልቀረም፣ ግን ቢጠብቅስ ምን ነበረበት? ከዚያ ወዲያ መንገድ ላይ ከሩቅ ሳያቸው ወደ ሱቅ ጎራ እላለሁ። ከአፍ የወጣ አፋፍ ይላሉ፤ ከአፍ ያልወጣውም ለካ አይመለስም። አምና ሐምሌ፣ ዝናቡ ሳያባራ፣ ኮማንደር ዱካለ አረፉ።

ለቅሶ ደርሼ ሦስት ቀን ከሰው ጋር ተቀምጬ ተመለስኩ። በአራተኛው ቀን ዳግም ሄድኩ፤ ሰው ሳሳ ሲል ከእትዬ ሮማን አጠገብ ፍራሽ ላይ ተቀመጥኩና ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ስብሰባውን፣ ጥያቄውን፣ መልሴን፣ ያላልኩትን። ስጨርስ ይረግሙኛል ወይ ይምሩኛል ብዬ ነበር የጠበቅኩት።

"የምን ስብሰባ?" አሉኝ።

ከትምህርት ቤት ያስነሣቸውን ግምገማ ነው አልኳቸው።

"እሱ እኮ ራሴ ነኝ የለቀቅኩት ነው ያለኝ። ጉልበቴን አመመኝ፣ የሰው ልጅ ማስተዳደር ሰለቸኝ ብሎ።" ድምፃቸው እየቀጠነ ሄደ። "እኔ ደግሞ ሰነፍ እለዋለሁ። ልጆቹ ፊት። ጓደኞችህ የት ደረሱ፣ አንተ መጋዘን ገብተህ አቧራ ጠራጊ ሆንክ እያልኩ ስንት ዓመት ሙሉ! አንድ ቀን እንኳ ሮማን፣ እንዲህ አድርገውኝ ነው አላለኝም።"

ሆድ ይፍጀው ብለው፣ ምናልባት የአንዲት የኢዲዶ ልጅ ስም እቤታቸው በክፉ እንዳይነሣ ብለው፣ በገዛ ሚስታቸውና በገዛ ልጆቻቸው ፊት ሰነፍ ተብለው ኖረው ሞቱ። እኔ የማውቃቸው ግን ሥራ የማይሰለቻቸው ሰው ነበሩ፤ ያንን ሰው እዚያ ቤት ውስጥ አንድም ሰው ሳያውቀው ቀረ፣ የማሳወቂያውም ጊዜ ከአፈሩ ጋር አብሮ ገባ። ይቅርታ ልጠይቅ ሄጄ የራሴን ሸክም ለአንዲት ሐዘንተኛ አሸከምኩ።

እትዬ ሮማን ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ስበው እንደ መጀመሪያው ቀን እንደ አዲስ ማልቀስ ጀመሩ። ከማዶ የተቀመጡት ሴቶች ምን እንደተነጋገርን አልሰሙም ነበር። ከመካከላቸው አንዷ፣ "አንቺ አጠገባቸው ነሽ፣ አጽናኛቸው እንጂ" አለችኝ።