በእኔ ክንድ የተለካ ደም

በጃንሆይ ዘመን ንፋስ መውጫ ጤና ጣቢያ ድሬሰር፣ ማለት የሐኪም ረዳት፣ ነበርኩ። የደም ሕዋስ ትልቅ ይሁን ትንሽ የምናውቀው በብርሃን ነበር። መስኮቱን ዘግተን፣ ቀዳዳ ካለው ቆርቆሮ ጀርባ ኩራዝ እናበራለን። ደም የተቀባ ስስ መስታወት ዓይናችን ሥር ይዘን ስናይ በቀዳዳው ዙሪያ ባለቀለም ቀለበት ይታያል። ሕዋሱ ካነሰ ቀለበቱ ይሰፋል፤ ቆርቆሮው ላይ ከተጫሩት ምልክቶች ካለፈ ደሙ ብረት አጥሮታል ማለት ነው። የብረት ኪኒናችን እጅግ ጥቂት ስለነበር ቀለበቱ ላልመሰከረለት አንሰጥም።

ከመስታወቱ እስከ ቆርቆሮው ያለውን ርቀት የምንጠብቅበትን ገመድ በዚያ ሰሞን አይጥ በላው። ያስተማረን ረጅም ሐኪም "ሁለት ክንድ ነው" ማለቱ ትዝ ስላለኝ ብዙም ሳልጨነቅ በክንዴ ለካሁ። እኔ ደግሞ ድንክ ብጤ ነኝ።

አንድ ጧት አንድ ቄስ ከአውራጃችን ከቤተ ልሔም ደብር ነፍሰ ጡር ሚስታቸውን በበቅሎ ይዘው መጡ። ለመውለድ ሁለት ወር ቀርቷታል። ከንፈሯ ነጭ ነው፣ ሁለት እርምጃ ስትሄድ ትንፋሽ ያጥራታል። ቀለበቷ ግን ምልክቱ ላይ ልክ አረፈ። ብረት እንደማያስፈልጋት ነገርኳቸው።

ቄሱ ርቀቱን ስለካ አይተውኝ ኖሯል።

"በማን ክንድ ነው የለካኸው ልጄ? እኛ እንኳ አቡጀዲ ስንገዛ ክንደ ረጅም ዘመድ ይዘን ነው ገበያ የምንወጣ" አሉኝ።

ተናደድኩ። "አባቴ፣ ይህ የጨርቅ ሥራ አይደለም" ብዬ ሸኘኋቸው። ሚስታቸውን ደግፈው በቅሎዋ ላይ አወጧት።

ነገራቸው ግን አላስቀምጥ አለኝ። በሩን ዘግቼ ጣቴን ወጋሁና የራሴን ደም በዚያው ርቀት አየሁ። ገመዱ ሳለ ሁልጊዜ ምልክቱን የሚነካው ቀለበቴ ወደ ውስጥ ገብቷል። ክንዴ ርቀቱን አሳጥሮ ቀለበቱን ሁሉ አጥብቦታል። የሴትዮዋ ቀለበትማ በትክክለኛው ርቀት ከምልክቱ ያልፍ ነበር። በዚህ ደም ምጥ ላይ ከደረሰች ትሞታለች። ኪኒኑን ኪሴ ከትቼ ሮጥኩ።

ቁልቁለቱ ላይ ደረስኩባቸው። "አባቴ፣ ተሳስቻለሁ። የእኔ ክንድ አጭር ነው" አልኩ እያለከለክሁ። እፍረቱ ከሩጫው ይብስ ነበር። ቄሱ ኪኒኑን ተቀብለው አወሳሰዱን ሁለቴ አስደገሙኝ። አልተቆጡም።

ሚስታቸው ከበቅሎዋ ላይ ወደ እኔ ጎንበስ አለች።

"ተኔ በፊት በዚህ ክንድህ ስንቱን ለካህ?" አለችኝ።

አራት ነበሩ፤ ሁሉንም ያለ ኪኒን ሸኝቻለሁ። የሦስቱን አገር እንኳ አልጠየቅኋቸውም።