ለኳሱ ጌም የተላኩብኝ ሽማግሌዎች

ጁባ፣ ሙኑኪ ውስጥ ጌም ቤት አለኝ። በየወሩ የምከፍለው የውጭ ኩባንያ፣ ወር በገባ ቁጥር አንዳንዱን ጌም ያነሳና ሌላ ይተካል። ባለፈው ወር የኳሱን ሲያነሳው ደንበኞቼ በእኔ አኩርፈው ቀሩ፤ ቤቴ ኦና ሆነ። ይባስ ብለው ሽማግሌ ላኩብኝ።

ባለሆቴሉ ጋሽ መኮንን ከመካከላቸው ብድግ ብለው፣ «ልጄ፣ አትጨክንባቸው። ኳሳቸውን መልስላቸው» አሉኝ።

አዲስ የኳስ ጌም በማግስቱ እንደሚገባ ኩባንያው በስልኬ አሳውቆኝ ነበር። እኔ ግን ይህን ሳልነግራቸው፣ «ለሽበትዎ ስል ነገ ይመለሳል» አልኩ። ጉልበቴን ለመሳም ትንሽ ነው የቀራቸው።

እውነትም በማግስቱ ኳሱ ገባ፤ ቤቴ በጩኸት ተናጋ። ከሰዓት በኋላ ሽማግሌዎቹ እንደገና መጥተው ተደረደሩ።

«ቃልህ ባሕር ማዶ ይሰማል» አሉ ጋሽ መኮንን። «በጄኔሬተር አለቅን፤ እባክህ የሰፈሩንም መብራት አስመልስልን።»

«አስብበታለሁ» አልኳቸው።