የቄሱ ዓሣ

ሥራ የጀመርኩ ዕለት፣ ዴንሃግ ያለው የትርጉም ቢሮ አለቃ የነበሩት እንግሊዛዊ፣ ሚስተር ሄንሪ፣ የጽሕፈት መኪናና አንድ ትእዛዝ ሰጡኝ፦ «ጮክ ብለሽ ያላነበብሽውን ገጽ አታምጪልኝ።»

ስፓኒሽ የተማርኩት በደርግ ጊዜ ኩባ በስኮላርሺፕ ሄጄ ነው። ከዚያ አገሬ ሳልመለስ ሆላንድ ቀረሁ። ቢሮው ውስጥ የሌሎችን ትርጉም ስተይብ ከርሜ፣ አንድ የጥንት የስፔን ልቦለድ ለዛሬው እንግሊዝኛ አንባቢ እንድመልስ ሦስት ምዕራፍ ለሙከራ ተሰጠኝ። ከተወደደ መጽሐፉ የእኔ ነው፤ ካልተወደደ ወደ ትየባዬ።

የማነብላቸው ዶኛ ፒላር ነበሩ፤ ሮተርዳም ውስጥ ዴልፍስሃቨን በሚባል ሰፈር ጎረቤቴ የሆኑ፣ ለእንግሊዝ ቤተሰብ ምግብ ሲያበስሉ የኖሩ ስፔናዊት። እሳቸው ስፓኒሹን በዓይናቸው ይከተላሉ፤ እኔ እንግሊዝኛዬን አነባለሁ።

በሁለተኛው ምዕራፍ አንድ የገጠር ቄስ በዐቢይ ጾም ዓሣ ይበላል። «ግራ ቀኙን ሰርቆ አየና ጎረሰ» ብዬ ነበር የተረጎምኩት።

ዶኛ ፒላር መነጽራቸውን አወለቁ። «ከማን ነው የሚደበቀው?»

«ከምእመናኑ ነዋ! ጾም እየገደፈ!»

«ልጄ፣ በጾም ዓሣ ካልበላ ምን ሊበላ ነው?»

«ሽሮ» አልኳቸው ሳላስበው።

እስኪያስላቸው ሳቁ። «ምስኪኑን ቄስ ኃጢአተኛ አደረግሽው እኮ!»

ስፓኒሹን አየሁት። ቄሱ ደስ ብሎት ቁጭ ብሎ ይበላል እንጂ ሰርቆ ማየት የሚባል ነገር የለም። ሁዳዴን ዓሣ ሳልቀምስ ያደግኩ ነኝና፣ በጾም ዓሣ የተፈቀደለትን የካቶሊክ ቄስ በእኛ ደብር ሥርዓት ዳኝቼዋለሁ።

ማስረከቢያው ሰኞ ነበር። ሚስተር ሄንሪ ዘንድ ሄጄ ስህተቴን ነገርኳቸውና እስከ ዓርብ እንዲጠብቁኝ ጠየቅኩ።

«ለአንድ ቃል?»

«አንዱን ጎረቤቴ ያዙልኝ። ሌላ አለመኖሩን ግን አላውቅም።»

«ዓርብ ካለፈ ለሌላ ሰው ነው የምሰጠው።»

«እሺ» አልኩ።

ወቅቱ ለእኔም ሁዳዴ ነበር፤ ጠዋት ጠዋት ጸሎቴን አድርሼ፣ ከሮተርዳም ወደ ቢሮ በሚወስደኝ ባቡር ላይ እያንዳንዱን መስመር ከስፓኒሹ ጋር እንደ አዲስ አመሳከርኩ፤ በተለይ ሳልጠራጠር ያለፍኩትን። አንዲት መበለት ቤተ ክርስቲያን ስትገባ ጫማዋን አውልቃለች። ደራሲው ስለ ጫማ አላነሳም። ማን አስወለቃት? እኔ። መልሼ አጫማኋት።

ዓርብ አስረከብኩ። ሚስተር ሄንሪ እፊቴ ጮክ ብለው አነበቡ። ቄሱ ጋ ሲደርሱ «ዓሣው አስጎመጀኝ» አሉና፣ የቀሩትን ምዕራፎች ከመሳቢያ አውጥተው ወደ እኔ ገፉልኝ። የእኔ ጾም ገና አልተፈታም ነበር።

ከዚያ በኋላ ብዙ መጽሐፍ ተርጉሜያለሁ። የማላውቀው ቃል ብዙም አያሳስተኝም፤ መዝገበ ቃላት እገልጣለሁ። የሚያሳስተኝ የማውቀው የመሰለኝ ነው። እሱን ደግሜ አያለሁ።