መቀሱን ለማን ተወው?

አጎቴ፣ አላህ ይዘንላቸውና፣ መጋላ ገበያ ውስጥ በረንዳ ላይ ልብስ ይሰፉ ነበር። ሬዲዮው የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ስም ባነሳ ቁጥር የስፌት መኪናቸውን አቁመው "አቦ፣ ይሄ ሰውዬ በፊት ሥራው ምን ነበር?" ይሉኛል። ስልኬ ላይ ፈልጌ አነብላቸዋለሁ። አንዱ የኦቾሎኒ ገበሬ፣ ሌላው የፊልም ተዋናይ። ጠበቃ ከሆነ ግን "እሱማ ድሮም በምላሱ ነው የሚበላው" ብለው ወደ ስፌታቸው ይመለሳሉ።

አንድ ቀን ልብስ ሰፊ የነበረ ፕሬዚዳንት አገኘሁላቸው። መነጽራቸውን አወለቁ።

"ታዲያ ሲሾም መቀሱን ለማን ተወው?"

"ይሄ አልተጻፈም" አልኳቸው።

"ዋናውን ነገር ትተውታላ" አሉ።

ትናንት አንድ ደንበኛቸው ሱሪውን ሊወስድ መጣ። የተሰፋው አንድ እግሩ ብቻ ነው፤ መቀሳቸውም እላዩ ላይ እንደተቀመጠ ነው።

"አሁን ማን ይጨርሰዋል?" አለኝ።

ሳላስበው፣ እንደ ድሮው ልፈልግ ስልኬን አወጣሁ።